ካሜራው በማን እጅ ነበር?

ስለ ማሩኖች ከተሣሉት ጥንታዊ ሥዕሎች መካከል ከሁሉ የበለጠ ዝና ያገኙት ሊወጋቸው በዘመተ ወታደር እጅ የተጀመሩ ናቸው። ጆን ጋብሪኤል ስቴድማን አባቱ ስኮትላንዳዊ፣ እናቱ ደች የሆኑ መኮንን ነበር። እ.ኤ.አ. በ1773 (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ቀናትና ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) በደቡብ አሜሪካ ሰሜናዊ ምሥራቅ ዳርቻ ወደምትገኘው የሆላንድ ቅኝ ግዛት ወደ ሱሪናም ዘመተ። የተላከው ከሸንኮራና ከቡና እርሻዎች አምልጠው ደን ውስጥ የመሸጉትን፣ ቦኒ በሚባል መሪ ሥር የሚዋጉትን ነጻ ሰዎች ለማደን ነው። አራት ዓመት ገደማ ቆይቶ ያየውን እየጻፈና እየሣለ ተመለሰ። መጽሐፉ በ1796 ለንደን ላይ ሲታተም ከሥዕሎቹ አንዳንዶቹን ለኅትመት የቀረጸው ገጣሚውና ሠዓሊው ዊሊያም ብሌክ ነበር።

ከሥዕሎቹ በአንዱ መሣሪያ የታጠቀ አንድ ማሩን በተጠንቀቅ ቆሞ ይታያል። ሰውየው ማን ይባላል? ከየትኛው እርሻ አመለጠ? እናቱን ከማን ጋር ትቶ ወጣ? መልስ የለም። ስቴድማን ለጠላቶቹ አድናቆት አልነፈጋቸውም፤ በባሮች ላይ የተፈጸመውን ግፍም ሳይሸፍን ጽፏል። ቢሆንም ሥዕሉ የሣዩ ነው፤ የተሣለው ሰው ቃል በውስጡ የለም። ከዚያ ወዲያ የመጣው የማሩኖች ምስል ታሪክ በሙሉ ይህን ቃል ፍለጋ ነው ብል ማጋነን አይሆንብኝም።

ማሩኖች የሚባሉት በአሜሪካ አህጉራት ከባርነት አምልጠው በተራራና በደን ውስጥ የራሳቸውን ነጻ ማኅበረሰብ የመሠረቱ አፍሪካውያንና ልጆቻቸው ናቸው። በብራዚል የፓልማሬስ መንደሮች አብዛኛውን 17ኛ ክፍለ ዘመን ፖርቱጋሎችንና ደቾችን ተቋቁመው ኖረዋል፤ መሪያቸው ዙምቢ የተገደለው ኅዳር 20 ቀን 1695 ነው። በጃማይካ እንግሊዞች ደሴቲቱን በ1655 ከስፔን ሲነጥቁ ወደ ተራራ የወጡት ሰዎች፣ በኋላም ከየእርሻው እያመለጡ የተቀላቀሏቸው፣ በኩጆና በናኒ መሪነት የእንግሊዝን ጦር ለዓመታት አስጨንቀው በ1739 እና በ1740 የሰላም ውል አስፈረሙት። በሱሪናም ደግሞ ንጁካዎች በ1760፣ ሳማካዎች በ1762፣ ማታዋዮች በ1767 ከደቾች ጋር ተዋዋሉ። ሆላንድ በሱሪናም ባርነትን የሻረችው በ1863 መሆኑን ስናስብ፣ እነዚህ ሰዎች ነጻነታቸውን ከመቶ ዓመት በፊት በገዛ እጃቸው እንደወሰዱ እንረዳለን።

ውሎቹ መራራ አንቀጽም ነበራቸው። ከዚያ በኋላ የሚያመልጡትን ባሮች ማሩኖች ራሳቸው ይዘው እንዲመልሱ ያስገድዱ ነበር። ማሩኖችን እወዳለሁ የሚል ፊልም ሠሪ ይህን አንቀጽ ከዘለለ ውለታ አልዋለላቸውም፤ ሰላሙ ምን ያህል እንዳስከፈላቸው ደብቋል።

ታሪኩን ግን ማን ያዘው? የደቾችና የእንግሊዞች ሰነድ የዘመቻ ዘገባና የሒሳብ መዝገብ ነው። ማሩኖች የያዙት በአፍ ነው። ሳማካዎች የአባቶቻቸውን የሽሽትና የውጊያ ዘመን ፌሲቴን ይሉታል፤ የመጀመሪያው ዘመን ማለታቸው ነው። ይህ ዕውቀት ለሁሉም አይነገርም። ዶሮ ሲጮኽ፣ ጎሕ ሳይቀድ፣ አንድ ሽማግሌ ለአንድ ወጣት ዘመዱ ቁንጥር ቁንጥር እያደረገ ያቀብለዋል፤ ሙሉውን በአንድ ጊዜ አይሰጥም። የአባቶች ስም በከንቱ ሲጠራ አደጋ ያመጣል ተብሎ ይፈራል። ከታሪኩ ሥር «ያ ዘመን ሊመለስ ይችላል፤ ነጮች ሊመጡብን ይችላሉ» የሚል ያልበረደ ሥጋት አለ። ይህን ልብ ያላለ ሰው የኋላውን የፊልም ታሪክ አይረዳውም፤ ካሜራ ወደ ማሩን መንደር ሲገባ የሚገባው ለመናገር ወደ ቸኮለ ሕዝብ አይደለም።

በ1935 ካትሪን ደንሃም የምትባል ወጣት ጥቁር አሜሪካዊት ወደ ጃማይካ ተሻገረች። የውዝዋዜ ባለሙያና የአንትሮፖሎጂ ተማሪ ነበረች፤ ከአሰልጣኞቿ አንዱ ሱሪናም ገብቶ ሳማካዎችን ያጠናው ሜልቪል ሄርስኮቪትስ ነው። በምዕራብ ጃማይካ ተራሮች ላይ ወዳለው የኩጆ ወገኖች መንደር፣ ወደ አኮምፖንግ ወጥታ አንድ ወር ያህል ተቀመጠች። ልታይ የጓጓችለት የኮሮማንቲ የጦርነት ውዝዋዜ ነበር። የመንደሩ ሰዎች አስተናገዷት፣ አጫወቷት፣ ሌላ ሌላውን አሳዩዋት፤ እርሱን ግን እስከ መሄጃዋ ዳር ድረስ አላሳዩዋትም። ይህን ሁሉ በ1946 ባሳተመችው የአኮምፖንግ ጉዞ መጽሐፍ ላይ በፍቅር ተርካዋለች። በዚያ የካሪቢያን ጉዞዋ የቀረጸቻቸው የ16 ሚሊሜትር ፊልሞች ዛሬ በአሜሪካ የኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት ይገኛሉ። ምስሎቹ ድምፅ የላቸውም። አካል ሲንቀሳቀስ ይታያል፤ ከበሮውና ዘፈኑ የለም። ለአንድ የውዝዋዜ ሰው ይህም ትልቅ ሀብት ነው። የደንሃምን ሥራ ከብዙዎቹ የሚለየው ደግሞ ያየችውን ወደ መድረክ አውጥታ፣ ውዝዋዜውን በአካል ይዛ ማቆየቷ ነው።

በሱሪናም የምስሉ ነገር ሌላ መልክ ያዘ። በ1960 የሆላንዱ ዳይሬክተር ሄርማን ፋን ደር ሆርስት ፋያ ሎቢ የሚባል ረጅም ዘጋቢ ፊልም ሠራ፤ በበርሊን ፌስቲቫልም ተሸለመ። የሱሪናምን ወንዞችና ሕዝቦች በውብ ቀለም ያሳያል። በዚያው ወቅት ግን ከሱሪናም ወንዝ ላይ አፎባካ በተባለው ቦታ ትልቅ ግድብ እየተሠራ ነበር። የግድቡ ዓላማ ከአሜሪካው የአልኮዋ ኩባንያ ጋር ለተያያዘው የአሉሚኒየም ማቅለጫ የኤሌክትሪክ ኃይል ማመንጨት ነው።

በዚህ ግድብ ላይ ትንሽ መቆየት ይገባናል። በየካቲት 1964 በሮቹ ተዘጉና ውሃው ወደ ኋላ መተኛት ጀመረ። ከሳማካዎች ርስት ግማሽ ያህሉን ውሃ በላው። ስድስት ሺህ ገደማ ሰው ከመንደሩ ተነቀለ። ያ መሬት በ1762 ውል የተረጋገጠ፣ አባቶች ደማቸውን ያፈሰሱበት፣ እያንዳንዱ ጅረትና እያንዳንዱ የፏፏቴ ድንጋይ «እገሌ እዚህ ተሻገረ፤ እገሊት እዚህ ተቀበረች» ተብሎ የሚነገርበት ነበር። ታሪካቸውን በወረቀት ሳይሆን በመልክዓ ምድር ለሚያስታውሱ ሰዎች መሬቱ ሲሰጥም መዝገቡም አብሮ ይሰጥማል። ዛፎቹ ሳይቆረጡ ስለቀሩ የደረቁ ግንዶቻቸው እስከ ዛሬ ከሐይቁ ላይ ብቅ ብቅ ብለው ይታያሉ። ተፈናቃዮቹ ብራውንስቬግን በመሳሰሉ መንደሮች በመደዳ በተሠሩ ቤቶች ሰፈሩ፤ ኒው ኮፊካምፕ በተባለው የመልሶ ማቋቋሚያ መንደር የሰፈሩት ደግሞ ከሠላሳ ዓመት በኋላ በወርቅ ፍለጋ ምክንያት እንደገና የመነሣት ሥጋት ወደቀባቸው።

ውሃው እየወጣ ሳለ የዓለም ጋዜጦችን ቀልብ የሳበው ሌላ ነገር ነበር። ጆን ዋልሽ የሚባል አሜሪካዊ የእንስሳት ተከላካይ ከየዛፉ ጫፍና ከየደሴቱ ላይ የቀሩትን አውሬዎች በጀልባ እየለቀመ ያወጣ ጀመር። ወደ 10 ሺህ የሚጠጉ እንስሳት አተረፈ፤ በ1967ም መጽሐፍ ወጣለት። ዋልሽ ያደረገው መልካም ሥራ ነው፤ ለእርሱ ወቀሳ የለኝም። ነገር ግን ያን ያህል ትጋት፣ ያን ያህል ፊልምና ቀለም፣ ከመንደሮቹ ሽማግሌዎች የሚጠልቀውን የየቦታውን ታሪክ ለመቅረጽ ቢውል ኖሮ ብሎ የማያዝን ሰው የለም። እንስሳው ሌላ ደን አገኘ። የጠለቀው የመቃብር ስፍራ ግን ሌላ ስፍራ የለውም።

ግድቡ በተዘጋ በሁለተኛው ዓመት፣ በ1966፣ ሪቻርድና ሳሊ ፕራይስ የተባሉ ወጣት አሜሪካውያን ባልና ሚስት ከግድቡ በላይ ወዳሉት የሳማካ መንደሮች ገቡ። ካሜራም የድምፅ መቅረጫም ነበራቸው። ዋናውን ሥራ የሠራው ግን ቴፑ ነው። የሳማካ ቋንቋ ድምፅ ከፍና ዝቅ ሲል ትርጉም የሚለወጥበት ነው፤ አፒንቲ የሚባለው ከበሮም በጉባኤ ላይ አማልክትንና ሹማምንትን በዚሁ ከፍታና ዝቅታ ይጠራል። በደረቅ ፊደል ብቻ ይህን መያዝ አይቻልም። ሌላም ነገር አለ። ሳማካ ሲናገር ብቻውን አይናገርም፤ መላሽ ያስፈልገዋል። ተረት ጀማሪው «ማቶ» ይላል፣ አድማጩ «ቶንጎኒ» ብሎ ይመልሳል። የእኛ ልጆች «ተረት ተረት» ሲባሉ «የላም በረት» ካላሉ ጨዋታው እንደማይነሣ ማለት ነው። እንግዲህ ሽማግሌውን ብቻውን ወንበር ላይ አስቀምጦ መብራት አብርቶ «ይናገሩ» የሚል ፊልም ሠሪ ገና ከጅምሩ የቋንቋውን ግማሽ ቆርጧል።

ፕራይስ የሰበሰበውን በ1983 ባሳተመው የመጀመሪያው ዘመን መጽሐፍ ላይ አንድ ብልሃት ተጠቀመ። ገጹን ለሁለት ከፈለው፤ ከላይ የሳማካዎቹ ቃል፣ ከታች የእርሱ ማብራሪያና የደቾች ሰነድ። ማን እንደሚናገር አይደባለቅም። የሚያውቀውን ሁሉ አልጻፈም፤ የሚጎዳውን ከማይጎዳው ለመለየት ተጨንቋል። መጽሐፍ ቢሆንም፣ ከዚያ በኋላ የመጡት ምርጥ ፊልሞች የተከተሉት መንገድ ይህ ይመስለኛል።

በእነዚያው ዓመታት ሌሎችም እየመጡ ነበር። ከሃርቫርድ ዩኒቨርሲቲ የተነሡ ሁለት ጥቁር አሜሪካውያን፣ አለን ካውንተርና ዴቪድ ኤቫንስ፣ በሱሪናም ደን ውስጥ ወንድም ፍለጋ ብለው ተጉዘው በ1970ዎቹ መጨረሻ ፊልም፣ በ1981 መጽሐፍ አወጡ። በጃማይካ ደግሞ ኬኔት ቢልቢ ከ1977 ጀምሮ በምሥራቁ ተራራ በሙር ታውን ከናኒ ወገኖች ጋር ተቀምጦ የኮሮማንቲን ዘፈን፣ ከበሮና አቤንግ የሚባለውን የቀንድ መለከት ቀረጸ። በአቤንግ ጥሪ ማሩኖች በእንግሊዝ ጦር ራስ ላይ ከተራራ ተራራ ይነጋገሩ ነበር። የቀረጻዎቹ ምርጫ በ1992 በስሚዝሶኒያን ፎክዌይስ ታተመ። ዕውቀቱ አሁንም ምሥጢር ነው፤ ቢልቢም የተፈቀደለትን ከተከለከለው ለይቶ መጻፉ ያስመሰግነዋል።

ከዚያ የሱሪናም ክፉ ዘመን መጣ። በ1986 በወታደራዊው መንግሥትና በአብዛኛው ማሩኖች በተሰለፉበት የጫካ ኃይል መካከል ጦርነት ተነሣ። ኅዳር 29 ቀን የመንግሥት ወታደሮች ሞይዋና የምትባለውን የንጁካ መንደር ወርረው ቢያንስ 39 ሰው ገደሉ፤ ብዙዎቹ ሴቶችና ሕፃናት ነበሩ። የተረፉት ወንዝ ተሻግረው ወደ ፈረንሳይ ጉያና ሸሹ። ሙታናቸውን በወጉ ሳይቀብሩ፣ የሙታኑ ቁጣ እንዳያገኛቸው እየፈሩ፣ ለዓመታት ወደ መንደራቸው መመለስ አልቻሉም። ያን ቀን የቀረጸ ካሜራ አልነበረም። የቀረው የተረፉት ሰዎች ቃል ብቻ ነበር፤ ያ ቃል በ2005 በኢንተር አሜሪካን የሰብአዊ መብት ፍርድ ቤት ቆሞ የሱሪናምን መንግሥት ረታ።

በብራዚል በ1989 አንድ ለየት ያለ ፊልም ወጣ። ኦሪ ይባላል። ዳይሬክተሯ ራኬል ጀርበር ናት፤ የፊልሙን ጽሑፍ የጻፈችውና በራሷ ድምፅ የተረከችው ግን ጥቁሯ የታሪክ ምሁር ቤያትሪዝ ናሲሜንቶ ነች። በሰርዢፔ ክፍለ አገር ተወልዳ በልጅነቷ ወደ ሪዮ የመጣችው ናሲሜንቶ ኪሎምቦ የሚባሉትን የማሩን መንደሮች ታሪክ የሕይወቷ ሥራ አድርጋ ነበር። በፊልሙ ውስጥ የምትናገረው ከላይ ሆኖ እንደሚያስረዳ ባዕድ ተራኪ አይደለም። ስለ አባቶቿ መንደር ስትናገር ስለ ራሷ አካልና ስለ ራሷ ስደት ትናገራለች። ቀረጻው ከአሥር ዓመት በላይ ፈጅቷል። ፊልሙ ከመውጣቱ አንድ ዓመት ቀድሞ የጸደቀው የብራዚል ሕገ መንግሥት የኪሎምቦ ማኅበረሰቦችን የመሬት ባለቤትነት አውቆ ነበር። ናሲሜንቶ በ1995 በግፍ ተገደለች። ድምፅዋ ግን በፊልሙ ላይ አለ፤ በፊልም የማሩንን ታሪክ የተረከ ከቤት የወጣ ድምፅ ጥሩልኝ ብባል ከሁሉ አስቀድሜ እርሷን እጠራለሁ።

ኦሪ ከወጣ ከአራት ዓመት በኋላ የእኛው ኃይሌ ገሪማ ሳንኮፋን ይዞ መጣ። ሳንኮፋ ዘጋቢ ፊልም አይደለም፤ ልብ ወለድ ነው። ሆኖም የማሩኖችን ታሪክ በፊልም የሚከተል ሰው ሊያልፈው አይችልም። ኃይሌ በ1946 ጎንደር ተወለደ፤ አባቱ ገሪማ ታፈረ ጣሊያንን የተዋጉና የአርበኞችን ታሪክ የጻፉ ደራሲ ናቸው። ከወራሪ ጋር ተራራ ላይ የተናነቁ ሰዎችን ታሪክ ከቤቱ ሰምቶ ያደገ ልጅ፣ ሸሽተው ተራራ ላይ የመሸጉ ባሮች ከእርሻው ሰዎች ጋር በሌሊት ሲገናኙ የሚያሳይ ፊልም መሥራቱ አያስገርምም። ከጋና የባሪያ ምሽግ እስከ ጃማይካ ቀርጾ፣ የዓመፀኛውን የሻንጎን ሚና ለጃማይካዊው ገጣሚ ለሙታባሩካ ሰጠው። ፊልሙ በ1993 በበርሊን ፌስቲቫል ተወዳደረ። በአሜሪካ የሚያከፋፍለው ኩባንያ ግን ጠፋ። ኃይሌና ባለቤቱ ሽሪኪያና አይና ሲኒማ ቤት ተከራይተው ራሳቸው አሳዩት፤ ጥቁር ተመልካች ከከተማ ከተማ ተቀባበለው። ለጥቁር ሕዝብ የተሠራ የነጻነት ታሪክ ገዢ የለውም የሚለው ወሬ በዋሽንግተን አደባባይ ፈረሰ።

አዲሱ ክፍለ ዘመን ሲገባ የማሩኖች ቅርስ ይፋዊ ዕውቅና ማግኘት ጀመረ። ዩኔስኮ በ2003 የሙር ታውንን፣ በ2005 የኮሎምቢያውን የሳን ባሲሊዮ ዴ ፓሌንኬን ቅርስ የሰው ልጅ የማይዳሰስ ቅርስ ድንቅ ሥራ ብሎ አወጀ። ሳማካዎች ግን ከዚህ የሚበልጥ ጉዳይ ነበረባቸው። በ1990ዎቹ መንግሥት ሳያስፈቅዳቸው ደናቸውን ለእንጨት ቆራጭ ኩባንያዎች ሰጠ። የመንደር ሹሙ ዋዜን ኤድዋርድስና ወጣቱ የሕግ ተማሪ ሁጎ ጃቢኒ ሕዝባቸውን አስተባብረው ተነሡ። የራሳቸው ሰዎች በጂፒኤስ እየዞሩ ርስታቸውን በካርታ አሰፈሩ፤ አባቶች በየት ሸሹ፣ በየት ተዋጉ፣ የማን ዘር ከየትኛው ጅረት ያርሳል የሚለውን ከሽማግሌዎች አፍ ቀዱ። ለዘመናት ተሸሽጎ የኖረው ፌሲቴን አሁን በዳኛ ፊት ማስረጃ ሆነ። ኅዳር 28 ቀን 2007 ያው የኢንተር አሜሪካን ፍርድ ቤት ለሳማካዎች ፈረደ፤ ሱሪናም የጋራ ርስታቸውን በሕግ እንድታውቅና በመሬታቸው ላይ ትልቅ ሥራ ከመጀመሯ በፊት ፈቃዳቸውን እንድትጠይቅ አዘዘ። ኤድዋርድስና ጃቢኒ በ2009 የጎልድማን የአካባቢ ጥበቃ ሽልማት ተሸለሙ። ዝም በማለት የዳነ ታሪክ አሁን በመናገር መዳን እንዳለበት ሽማግሌዎቹ ራሳቸው ወሰኑ። የፊልሙንም መንገድ የከፈተው ይህ ውሳኔ ነው ብዬ አምናለሁ።

በዚያው በ2009 አሜሪካዊው ቤን ራስል አንድ ከባድ ፊልም አቀረበ። ራስል ቀደም ሲል በበጎ ፈቃደኛነት በሳማካ መንደር የኖረ ሰው ነው። ሁለት ወንድማማቾች ከዋና ከተማዋ ከፓራማሪቦ ዳርቻ ተነሥተው፣ በመንገድ፣ በወርቅ ቁፋሮ ስፍራ፣ በጀልባ፣ በፈጣን ውሃ ላይ አልፈው አባቶቻቸው ከሦስት መቶ ዓመት በፊት የሸሹበትን አቅጣጫ ይጓዛሉ። ፊልሙ ሁለት ሰዓት ከሩብ ይፈጃል፤ ያለው ግን 13 ያልተቆራረጡ ቀረጻዎች ብቻ ናቸው። ካሜራው ከኋላ ከኋላ ይከተላል። ሽሽት የእግር ሥራ መሆኑን፣ ደን በእግር ሲለካ ምን ያህል ሰፊ መሆኑን እንደዚህ ያሳየ ፊልም አላውቅም። ነገር ግን ወንድማማቾቹ የሚያስቡትን አንሰማም። ከስቴድማን ሥዕል ብዙ ርቀናል፤ ሰውየው አሁን ቆሞ አይጠብቅም፣ ይሄዳል። ቃሉ ግን ገና አልመጣም።

በጃማይካ ቃሉ በሌላ በር ገባ። ሮይ አንደርሰን ጃማይካ ተወልዶ በሆሊውድ ፊልሞች አደገኛ ትዕይንቶችን ለታዋቂ ተዋንያን ተተክቶ በመሥራት ኑሮውን የመሠረተ ሰው ነው። እርሱ ራሱ የማሩን ዘር አለበት። በ2012 አክዋንቱ የተባለውን የማሩኖች ዘጋቢ ፊልም፣ በ2015 ከታሪክ ምሁሩ ከሃርኮርት ፉለር ጋር ስለ ናኒ ሌላ ፊልም አወጣ። ናኒን በፊልም ማምጣት ቀላል አይደለም። በጃማይካ 500 ዶላር ላይ መልኳ አለ፣ ብሔራዊ ጀግና ናት፤ በሕይወቷ ዘመን የተጻፈ ስለ እርሷ የሚናገር ሰነድ ግን ጥቂት ገጽ አይሞላም። እንግሊዞች በመዝገባቸው ያነሷት በጨረፍታ ነው። ስለዚህ ፊልሙ የሚቆመው በሙር ታውንና በሌሎቹ ማሩን መንደሮች ሰዎች ትውስታ ላይ ነው። አንዳንድ የታሪክ ሰው «ይህ አፈ ታሪክ ነው» ብሎ ይተወው ይሆናል። የአንድ ሕዝብ ልጆች ከሁለት መቶ ሰባ ዓመት በኋላ እናታቸውን በስም እየጠሩ በየመንገዱ የዋለችበትን ሲያሳዩ ግን ያ ራሱ የታሪክ ማስረጃ ነው፤ አንደርሰን ይህን አክብሮ መቅረጹ ትክክል ነው።

በ2018 ሎኒ ፋን ብሩመለንና ሲብረን ደ ሃን የተባሉ የሆላንድ አርቲስቶች ከሱሪናማዊው የቲያትር ሰው ከቶሊን አሌክሳንደር ጋር ሆነው ድንጋዮች ሕግ አላቸው የሚል ትርጉም ያለው ፊልም አወጡ። አሌክሳንደር ከማሩኖች የተወለደ ነው። ሦስቱ ወደ ሳማካና ወደ ንጁካ ማኅበረሰብ ሲሄዱ የተዘጋጀ ጽሑፍ ይዘው «ይህን ተናገሩልን» አላሉም። ምን ይነገር፣ ማን ይናገር፣ የቱ ይቅር የሚለው ከመንደሮቹ ሰዎች ጋር ተመከረ። ጽሑፉ በጋራ ተሠራ፤ ከዚያም የመንደሩ ሰዎች ራሳቸው፣ በራሳቸው ቋንቋ፣ በራሳቸው ወንዝና ደን ውስጥ ቆመው ተወኑት።

ውጤቱ ከተለመደው ቃለ መጠይቅ የራቀ ነው። አንዱ ሲተርክ ሌላው ይመልሳል፣ ሦስተኛው ያርማል። አባቶች እንዴት እንዳመለጡ፣ ደኑን እንዴት እንደተማሩ፣ ዛፍ ከመቆረጡና መሬት ከመቆፈሩ በፊት ማን መለመን እንዳለበት ይነገራል። ዛፉም ድንጋዩም ውሃውም ባለቤት አለው። ዛሬ የእንጨት ቆራጩና የወርቅ ቆፋሪው ማሽን ሲመጣ ሳያስፈቅድ የሚገባው ወደ ማን ቤት እንደሆነ ተመልካቹ የሚረዳው ስታትስቲክስ ስለተነገረው አይደለም፤ የቤቱን ሕግ ከባለቤቶቹ አፍ ስለሰማ ነው። መቶ ደቂቃ በሚፈጀው በዚህ ፊልም ውስጥ ትወናው እውነቱን አልሸፈነውም። ሰዎቹ በተጻፈ ቃል መናገራቸው ሥልጣን ሰጣቸው፤ በድንገተኛ ጥያቄ ተይዘው ያልፈለጉትን አላወጡም፣ የፈለጉትን መርጠው ተናገሩ። ፌሲቴንን በቁንጥር ሲያቀብሉ ለኖሩ ሰዎች የሚስማማው አሠራር ይህ ነው።

የፊልሙ ገንዘብና ካሜራ ከሆላንድ መምጣቱ እውነት ነው፤ የቀድሞው ገዢ አገር ልጆች ናቸው ያመጡት። እንዲህም ሆኖ ከሦስቱ ዳይሬክተሮች አንዱ የቤቱ ልጅ ነው፣ ጽሑፉም የመንደሩ ነው። ከዚህ ቀጥሎ የሚጠበቀው ሦስቱም ከመንደሩ የሚሆኑበት ፊልም ነው። ስልክ በእጁ ያለው ወጣት በዝቷል፤ የሚጎድለው የማሠሪያ ገንዘብ፣ ሥልጠናና የተቀረጸውን በመንደሩ ውስጥ ጠብቆ የሚያኖር ማኅደር ነው።

ይህ ፊልም ሲወጣ የ2007ቱ ፍርድ 11 ዓመት ሆኖት ነበር፤ ሱሪናም ግን ፍርዱ ያዘዘውን የጋራ ርስት ሕግ አላወጣችም ነበር። ስለዚህ እነዚህን ፊልሞች የማየት ዕድል የሚገጥማችሁ አንባቢዎች ያልተዘጋ የመሬት ክርክር ምስክሮች መሆናቸውን አውቃችሁ ተመልከቷቸው። በአገራችን ሽማግሌና አሮጊት ፊት ካሜራ የምትተክሉ ባለሙያዎችም «ምን ይንገሩኝ» ከማለታችሁ በፊት «ምን አይቀረጽ» ብላችሁ ጠይቁ፤ ስትጨርሱም አንድ ቅጂ ለመንደሩ ትታችሁ ውጡ።